ሁለት ባላ የተከለ ሊግ

ባለፈው ሳምንት አንድ ወዳጄ በቴሌግራም ጽሑፍ ላከልኝ። ከሥሩ "ያንተን ራግቢ ሰውዬው ልክ ልኩን ነግሮታል፣ አንብበው" ብሎ የሳቅ ምልክት ደርድሮበታል። አነበብኩት። ስለ ጃፓን የራግቢ ሊግ ነው። ጥሩ ተጽፏል፤ ጸሐፊው ብዕር ያውቃሉ። ራግቢውን ግን የሚያውቁት ከሩቅ ይመስለኛል።

ላላነበበው ሰው ባጭሩ ላስቀምጠው። ጸሐፊው የጃፓን ሊግ "ሊጥም ዳቦም ያልሆነ" ነው ይላሉ። የ2019 የዓለም ዋንጫ ትኩሳት የወለደው ነው። እንደ እግር ኳሱ የኩባንያ ስም አውልቆ ሙሉ ፕሮፌሽናል መሆን ሲገባው ግማሽ መንገድ ላይ ቀርቷል። ከተጫዋቾቹ ብዙዎቹ የስም ሠራተኞች ናቸው። የውጭ ኮከቦቹ ለጡረታ የመጡ ናቸው። ብሔራዊ ቡድኑ ከሊጉ ያገኘው ነገር የለም። ኩባንያው የሰለቸው ቀን ደግሞ ቡድኑ ይፈርሳል። ክሱ ይሄ ነው። የመጨረሻው ላይ እውነት አላቸው፤ እሱን ለመጨረሻ አቆየዋለሁ።

(ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው። የማወራውም በየወገኑ 15 ሰው ስለሚሰለፍበት ራግቢ ነው፤ ከአሜሪካ ፉትቦል ጋር ዝምድናው የሩቅ ነው።)

"የዓለም ዋንጫ ትኩሳት" ከሚለው ልጀምር። ነገርን ከሥሩ ውሃን ከጥሩ ይባላል። ጃፓኖች ራግቢ መጫወት የጀመሩት በ1899 ነው። ኬዮ ዩኒቨርሲቲ ያስተምር የነበረው ኤድዋርድ ብራምዌል ክላርክ ተማሪዎቹ ሥራ ፈተው ሲውሉ አላስችለው አለ። ካምብሪጅ ከተማረው ከታናካ ጊንኖሱኬ ጋር ሆኖ ያቺን እንቁላል መሳይ ኳስ አስያዛቸው። ፌዴሬሽኑ በ1926 ተመሠረተ። የኩባንያ ቡድኖች አገር አቀፍ ውድድር ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ብዙም ሳይቆይ ተጀመረ። በ1982 ዋሴዳና ሜጂ የሚባሉት ዩኒቨርሲቲዎች ሲጋጠሙ ቶኪዮ ብሔራዊ ስታዲየም የገባው ሕዝብ ከ66,000 በላይ ነበር። ልብ በሉ፣ የተጫወቱት ተማሪዎች ናቸው።

"ቶፕ ሊግ" የሚባለው የኩባንያ ቡድኖች ሊግ በ2003 በ12 ቡድኖች ተጀመረ። በጥር 2022 ቦታውን ለዛሬው "ሊግ ዋን" ለቀቀ፤ ሲጀምር 24 ቡድን፣ ሦስት ዲቪዚዮን ነበረው። እንግዲህ የዓለም ዋንጫው ጃፓን ሲገባ ሊጉ 16 ዓመቱ ነበር። እንግዳው የመጣው ቤት ስለነበረ ነው እንጂ፣ ቤቱ የተሠራው እንግዳ ስለመጣ አይደለም።

አሁን ወደ ዋናው። "ለምን እንደ እግር ኳሱ አልሆነም?" እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፣ ምክንያቱም የጽሑፉ ጀርባ አጥንት ይሄ ነው።

ጸሐፊው አብነት የሚያደርጉት ጄ-ሊግን ነው። እውነት ነው፣ በ1993 እግር ኳሱ ሙሉ ፕሮፌሽናል ሆኖ ሲጀምር የኩባንያ ስሞች ከክለቦቹ ላይ ወረዱ። ሚትሱቢሺ ኡራዋ ሬድስ ሆነ፤ ኒሳን ዮኮሃማ ማሪኖስ፤ ማትሱሺታ ጋምባ ኦሳካ። ስሙስ ወረደ። ገንዘቡ የት ሄደ? የትም። ብዙዎቹ ክለቦች ጀርባ እነዚያው ኩባንያዎች ቆመው ነበር።

ጸሐፊው የዘለሉት አንድ ታሪክ ደግሞ አለ። ዮኮሃማ ፍሉገልስ የሚባል ክለብ ነበር። በ1998 ከደጋፊ ኩባንያዎቹ አንዱ፣ የግንባታ ድርጅት፣ እጁን ሰበሰበ። ክለቡ ከከተማው ባላንጣ ከማሪኖስ ጋር እንዲዋሃድ ተወሰነ። ተጫዋቾቹ ክለባቸው እንደሚጠፋ እያወቁ በንጉሠ ነገሥቱ ዋንጫ ውድድር ገፉበት። አሸነፉ፣ እንደገና አሸነፉ፣ ጥር 1 ቀን 1999 ዋንጫውን አነሱ። ከዚያ በኋላ የሚመለሱበት ክለብ አልነበራቸውም። ይህ ሙሉ ፕሮፌሽናል ክለብ ነው፣ የኩባንያ ስም ያልተለጠፈበት። ስም ማውለቁ ምን አዳነው?

በተቃራኒው ቤዝቦልን እዩት። ጃፓን ውስጥ ከ1936 ጀምሮ ፕሮፌሽናል ነው። የዮሚዩሪ ቡድን የጋዜጣ ድርጅት ነው፣ ሃንሺን የባቡር ኩባንያ፣ ሶፍትባንክ የስልክ። ስማቸውን ማንም አላወለቀም፤ "አማተር ናችሁ" ያላቸውም የለም። የኩባንያ ስምና ፕሮፌሽናልነት ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው፤ ጽሑፉ ግን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አንድ አድርጎ ነው የሄደው።

ሊግ ዋን የመረጠው መሐሉን ነው። የቡድኑ ስም ውስጥ አካባቢው የግድ ይገባል፤ የኩባንያው ስም ከተፈለገ ይቀመጣል። ሳይታማ ፓናሶኒክ ዋይልድ ናይትስ፤ ኮቤልኮ ኮቤ ስቲለርስ። ቅር የሚል ሰው እንዳለ አውቃለሁ። ስታዲየም ላይ ለመጮህም ይረዝማል።

ሙሉ ፕሮፌሽናል የመሆን ሐሳብ ሳይቀርብም አልቀረም። በ2019 የፌዴሬሽኑ ምክትል ፕሬዚዳንት የነበሩት ካትሱዩኪ ኪዮሚያ የ12 ቡድን ፕሮፌሽናል ሊግ እናቋቁም ብለው በይፋ ተናግረው ነበር። እንደታሰበው አልሆነም። ጸሐፊው ይህን "ፍርሃት" ይሉታል። እኔ ሒሳብ እለዋለሁ።

ሒሳቡን አብረን እንሥራው። ራግቢ ሰውነት ይሰብራል፤ በሳምንት ሁለቴ አይጫወቱትም። በ2024-25 ውድድር አንደኛው ዲቪዚዮን ውስጥ አንድ ቡድን የሚያደርገው የሊግ ጨዋታ 18 ነው። ግማሹን በሜዳው ቢያደርግ ዘጠኝ ቀን ብቻ ቲኬት ይሸጣል። በ2024 የጄ-ሊግ አንደኛ ዲቪዚዮን ክለብ 38 ጨዋታ ነበረው፤ 19ኙ በሜዳው። ወጪው ደግሞ ተገላቢጦሽ ነው። ለአንድ የራግቢ ግጥሚያ 23 ሰው ይያዛል፤ ጉዳት ስለማይጠፋ ክለቡ የሚቀልበው የዚያን እጥፍ ያህል ነው። በእግር ኳሱ ግማሽ ቀን ሸጠህ ከእግር ኳሱ የበለጠ ሰው ታበላለህ።

ይህን ሒሳብ በፕሮፌሽናል መንገድ የሞከሩት እንግሊዞች ምን ሆኑ? ዉስተርና ዋስፕስ የሚባሉ ክለቦች በ2022 ከሰሩ። ለንደን አይሪሽ በ2023 ተከተለ። 13 ክለብ የነበረው ከፍተኛው ሊግ 10 ቀረ። ዋስፕስ እኮ የአውሮፓን ዋንጫ ሁለት ጊዜ ያነሳ ክለብ ነው! የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የምንለው እንዲህ ያለውን ነው።

"ሁለት ባላ ትከል፣ አንዱ ቢሰበር በአንዱ ተንጠልጠል" የሚለውን አባባላችንን ጃፓኖች አልሰሙትም። ያደረጉት ግን እሱኑ ነው። አንዱ ባላ ኩባንያው ነው። ሁለተኛው ከተማው፣ ቲኬቱና ደጋፊው ነው። ሁለተኛው ገና ቀጭን ነው፤ እስኪወፍር የመጀመሪያውን ለምን ይቁረጡት?

መሐል ላይ ጸሐፊው "ደግሞም ማንም አያያቸውም" ብለው ጣል ያደርጋሉ። በ2024 ቶሺባ ብሬቭ ሉፐስ ዋይልድ ናይትስን 24 ለ 20 ያሸነፈበትን ፍጻሜ ከ56,000 ሰው በላይ ገብቶ አይቶታል። በዚያው የውድድር ዘመን የሊጉ ተመልካች ድምር ከአንድ ሚሊዮን አልፏል። በታችኞቹ ዲቪዚዮኖች ባዶ ወንበር ሞልቷል፤ ከሚመጡትም ውስጥ የኩባንያው ሠራተኛ ስለሆኑ የመጡ አሉ። "ማንም" ግን አይባልም።

"የስም ሠራተኞች" ወደሚለው ልለፍ። እዚህ ላይ ነው ትንሽ የተናደድኩት።

ከጥቂት ዓመታት በፊት ቶኪዮ በነበርኩ ጊዜ የቶሺባና የሰንቶሪን ጨዋታ ለማየት ሄጄ ነበር። "የፉቹ ደርቢ" ይሉታል። ፉቹ ከቶኪዮ በስተምዕራብ ያለች ከተማ ናት፤ ቶሺባ ፋብሪካው እዚያ ነው፣ ሰንቶሪም የቢራ ፋብሪካው እዚያ ነው፣ ሁለቱም ቡድኖች የሚለማመዱት እዚያው ነው። ጨዋታው ጎረቤቷ ቾፉ ባለው አጂኖሞቶ ስታዲየም ነበር። ቶቢታክዩ ከሚባል ባቡር ጣቢያ ወርዶ ትንሽ መሄድ ነው። እግረ መንገዴን ዋናው መንገድ ዳር አንድ ምልክት አየሁ። የ1964 ኦሊምፒክ ማራቶን መዞሪያ ቦታ። አበበ ቢቂላ ዞሮ የተመለሰባት! ራግቢ ላይ ልዘገይ ምንም አልቀረኝም ነበር። ይህንን እዚህ ማንሳት አልነበረብኝም፤ ግን የሐበሻ ልጅ ሆኖ ማን ያልፈዋል? ሩጫው ያለቀበት ብሔራዊ ስታዲየም ፈርሶ በቦታው አዲስ ተሠርቷል፤ የሊግ ዋን ፍጻሜ የሚደረገው እዚያ ነው።

ወደ ነገሬ ልመለስ። ጎኔ የተቀመጡት ሰውዬ ቀይ ፎጣ አንገታቸው ላይ ጠምጥመዋል። ቀይ ቶሺባ ነው፣ ቢጫ ሰንቶሪ። ወደ ስድሳ ይጠጋሉ። እኔም በተሰባበረ እንግሊዝኛ እሳቸውም በተሰባበረ እንግሊዝኛ ተግባባን። አንዱን ተጫዋች በጣታቸው እያሳዩኝ "እሱ የፋብሪካችን ልጅ ነው፤ ሰኞ ጠዋት ሥራ ይገባል" አሉኝ። "ሲሸነፉስ?" አልኳቸው። "ሲሸነፉም ይገባል። ያኔ ግን ማንም ቀና ብሎ አያየውም።" ራሳቸው በቀልዳቸው እስኪያስሉ ሳቁ።

አሠራሩ እንዲህ ነው። አንድ ቡድን ውስጥ ሁለት ዓይነት ሰው አለ። አንዱ የፕሮፌሽናል ኮንትራት አለው፤ ሥራው ራግቢ ብቻ ነው። ሌላው የኩባንያው ቋሚ ሠራተኛ ነው፤ ጠዋት ቢሮ፣ ከሰዓት ልምምድ። የሁለተኛው ሥራ እንደ ሌላው ባልደረባው ሙሉ ቀን እንዳልሆነ ግልጽ ነው። ግን ጉልበቱ በ32 ዓመቱ እምቢ ሲል ጠረጴዛው ይጠብቀዋል። የፕሮፌሽናሉን ማን ይጠብቀዋል?

ምሳሌ ልስጥ። አዩሙ ጎሮማሩን የማያውቅ ጃፓናዊ የለም። በ2015 የዓለም ዋንጫ፣ እንግሊዝ ውስጥ ብራይተን ላይ ጃፓን ደቡብ አፍሪካን 34 ለ 32 ስታሸንፍ ብቻውን 24 ነጥብ ያስቆጠረው እሱ ነው። ይህ ሰው ያማሃ ቡድን ውስጥ ፕሮፌሽናል ነበር። ከዓለም አቀፉ የገንዘብ ቀውስ በኋላ ያማሃ ወጪ ሲቆርጥ የፕሮፌሽናል ኮንትራቶች ቀሩ፤ ጎሮማሩም የኩባንያ ሠራተኛ ሆነ። ቡድኑ ግን አልፈረሰም። በየካቲት 2015 ያማሃ የጃፓን ሻምፒዮና ዋንጫን አነሳ፣ በመስከረም ብራይተን ሆነ። የዚያ ቡድን አሠልጣኝ ማን ነበሩ? ኪዮሚያ። አዎ፣ በኋላ ሙሉ ፕሮፌሽናል እንሁን ያሉት ሰውዬ። የኩባንያው ባላ ባይኖር ጎሮማሩ ያኔ የት ይሆን ነበር?

ለእኛ እንግዳ ነገር መሆኑም ይገርመኛል። መብራት ኃይል፣ ባንክ፣ ሙገር ሲሚንቶ እያልን ያደግን ሰዎች ነን። አባቴ ስለ ድሮ ኳስ ተጫዋቾች ሲያወራ "እገሌ እኮ መሥሪያ ቤት ነበረው" ማለቱ ሙገሳ ነበር።

"የጡረተኞች ማረፊያ" የሚለው ብዙ አያቆየኝም። የኒውዚላንዱ ኮከብ ዳን ካርተር በ2018 ኮቤ ሲገባ 36 ዓመቱ ነበር፤ ይሄን አልክድም። ቢሆንም በዚያው ዓመት ቡድኑን ሻምፒዮን አደረገ። ግን ደቡብ አፍሪካዊውን ፒተር-ስቴፍ ዱ ቶይትን ምን ሊሉት ነው? በ2023 የዓለም ዋንጫ ፍጻሜ የጨዋታው ኮከብ ተባለ፤ በ2024 የዓለም ምርጥ ተጫዋች ተባለ፤ ያኔ ክለቡ ቶዮታ ነበር። የኒውዚላንዱ አርዲ ሳቬያ በ2023 የዓለም ምርጥ ተብሎ በቀጥታ ኮቤ ሄደ፣ አንድ ዓመት ተጫውቶ ኒውዚላንድ ተመለሰ። ሰዎቹ የሚሄዱት ክፍያው ጥሩ ስለሆነና ጨዋታው ሰውነታቸውን ብዙ ስለማያደክመው ነው። ደቡብ አፍሪካ ውጭ የሚጫወተውን ልጇን ለብሔራዊ ቡድን ትጠራለች፤ ኒውዚላንድ በመርህ ደረጃ አትጠራም። ለዚህ ነው ደቡብ አፍሪካውያኑ በአፍላ ዕድሜያቸው የሚመጡት፣ ከኒውዚላንድ ደግሞ ወይ አንጋፋው ወይ እንደ ሳቬያ ለአንድ ዓመት ፈቃድ ያገኘው የሚመጣው። ለሌላ አገር የተጫወቱ ስንት ሰዎች በአንድ ጊዜ ሜዳ ላይ መሆን እንደሚችሉም ሊጉ ገደብ አበጅቷል።

ብሔራዊ ቡድኑስ? በ1995 የዓለም ዋንጫ ጃፓን በኒውዚላንድ 145 ለ 17 ተሸንፋለች። ቁጥሩን ያሳሳትኩ እንዳይመስላችሁ፤ መቶ አርባ አምስት። ከ20 ዓመት በኋላ ብራይተን መጣ። በ2019 አየርላንድን 19 ለ 12፣ ስኮትላንድን 28 ለ 21 አሸንፋ ለመጀመሪያ ጊዜ ሩብ ፍጻሜ ገባች። እነዚያ ተጫዋቾች ከሰማይ አልወረዱም። አምበሉ ማይክል ሊች በ15 ዓመቱ ከኒውዚላንድ ሳፖሮ ለትምህርት መጥቶ ቶሺባ ውስጥ ነው የበሰለው። ጸሐፊው ምስጋናውን ሁሉ ሱፐር ራግቢ በሚባለው የደቡብ ንፍቀ ክበብ ክለቦች ውድድር ለተሳተፈው ለጃፓኑ ሰንዎልቭስ ቡድን ይሰጣሉ። ሰንዎልቭስ ከ2016 እስከ 2020 ነበር፤ ጠቅሟል። ግን ተጫዋቾቹን ያበደሩት እነማን ሆኑና? እነዚያው የኩባንያ ቡድኖች ናቸው።

ከ2019 በኋላ ብሔራዊ ቡድኑ መንሸራተቱን ግን አልደብቅም። በ2024 ዮኮሃማ ላይ፣ በገዛ ሜዳው፣ በኒውዚላንድ 64 ለ 19 ተቀጥቷል። በኅዳር እንግሊዝ 59 ለ 14 ደገመችው። የውጭ ኮከብ ቦታውን ስለያዘ የጃፓን ልጅ ተቀያሪ ወንበር ላይ የሚቀመጥበት ቡድን መኖሩ፣ በተለይ ወሳኝ በሆኑት ቦታዎች፣ ችግር ይመስለኛል። ጸሐፊው ይህን ቢያነሱ ኖሮ መልስ አልነበረኝም። አላነሱትም።

የመጨረሻው ክስ ቀረ፤ ኩባንያው የሰለቸው ቀን ቡድኑ ይፈርሳል። እውነት ነው። በ2021 የኮካ ኮላው ቡድን ሬድ ስፓርክስ ተበተነ። በ2022 ሙናካታ ሳኒክስ ብሉስ የሊግ ዋንን የመጀመሪያ ዓመት ተጫውቶ ሲጨርስ ተዘጋ። ሁለቱም ከኪዩሹ ደሴት ናቸው፤ አካባቢው ራግቢ የሚወድ ነው፤ ያ ሁሉ ፍቅር ግን አላዳናቸውም። በአንድ የቦርድ ስብሰባ የሚሞት ክለብ ጤነኛ ነው ብዬ አልከራከርም።

"ይፈርሳል" ሁልጊዜ እንደማይሆን ግን ካማይሺን ማየት ነው።

ካማይሺ በሰሜን ምሥራቅ ጃፓን ያለች የብረትና የዓሣ ከተማ ናት። የብረት ፋብሪካው ቡድን እስከ 1985 ድረስ ሰባት ዓመት በተከታታይ የጃፓን ሻምፒዮን ሆኗል። በ1989 የመጨረሻው የብረት ማቅለጫ ምድጃ ጠፋ። ሥራ የለም፣ ወጣቱ ከተማዋን ለቀቀ። በ2001 ኩባንያው ቡድኑን ሲተወው የከተማው ሰው ተቀበለና ካማይሺ ሲዌቭስ ብሎ በከተማ ክለብነት አቆመው። በመጋቢት 2011 ሱናሚው መጣ። ካማይሺ ብቻ ከ1,000 በላይ ሰው ሞተ ወይም ጠፋ። የክለቡ ተጫዋቾች ዕቃ አራገፉ፣ ሕመምተኛ ተሸከሙ። አውስትራሊያዊው ስኮት ፋርዲ ከአካባቢው እንዲወጣ ሲጠየቅ አልወጣም ብሎ ቀረ። ከአራት ዓመት በኋላ በዓለም ዋንጫ ፍጻሜ ለአገሩ ተሰለፈ።

ኡኖሱማይ በሚባለው ሰፈር ውሃው ሁለት ትምህርት ቤቶች ጠርጎ ነበር። ልጆቹ ወደ ኮረብታው ሮጠው ተርፈዋል። በዚያ ባዶ መሬት ላይ ስታዲየም ሠሩበት፤ በመስከረም 2019 ኡራጓይ ፊጂን 30 ለ 27 ያሸነፈችው እዚያ ነው። ሲዌቭስ ዛሬም የሚጫወተው እዚያው ነው፤ በ2024-25 ሁለተኛው ዲቪዚዮን ውስጥ ነበር። ብረት ፋብሪካውም በስፖንሰርነት ተመልሶ ስሙ ከቡድኑ ጋር ይጻፋል። ደጋፊው የሚያውለበልበው የክለብ ባንዲራ ብቻ አይደለም። ዓሣ አጥማጆች ጀልባቸው ሞልቶ ሲመለስ ከሩቅ እንዲታይ የሚሰቅሉት ትልቅ ባለ ብዙ ቀለም ጨርቅ አለ፤ እሱን ከቤት ይዘው ይመጣሉ።